የተቀቀለው መረብ

ባሲሊሳ ማንግሮቭ ከተባለው የባሕር ዳር ዛፍ የተላጠውን ቅርፊት በጠፍጣፋው ድንጋይ ላይ አጋድማ በመዶሻ ትቀጠቅጣለች። ቅርፊቱ ሲላላና ቀይ ውኃውን ሲተፋ ታነሣና ወደ ጎላው ትጥለዋለች። ጎላው ከእሷ ዕድሜ ይበልጣል። አንድ መርከብ ድንጋይ ላይ ወጥቶ በተሰበረበት ዓመት፣ ሌላው ሰው ለሸራና ለወይን በርሜል ሲሻማ፣ የባሏ አያት ይህን የብረት ጎላ ብቻዋን አንከባላ ደጇ ድረስ አመጣችው ይባላል። ከዚያ ወዲህ ከመንደራችን ከቦካ ማንሳ የወጣ መረብ ሁሉ እዚህ ጎላ ውስጥ ሳይነከር ባሕር ነክቶ አያውቅም። በጎላው ላይ የምትሾመውም ሴት «የጎላ እናት» ትባላለች፤ ማዕረጓ ከመረብ አለቃው ቀጥሎ፣ ከቀዛፊዎቹ በላይ ነው።

እስከ ማክሰኞ ድረስ ነገሩ እንዲህ ነበር።

የማክሰኞው መረብ ነጭ ነው። የባሏ የኒኮሜደስ የእህት ልጅ ኤቫሪስቶ ከባሕር ማዶ ካለው የነዳጅ ቁፋሮ ካምፕ ያመጣው ናይሎን፤ በማርጋሪታ ደሴት በዚህኛው ዳርቻ እንዲህ ያለ ክር ሲታይ የመጀመሪያው ነው። ኤቫሪስቶ ከጀልባ ሲወርድ መረቡን በትከሻው አድርጎ፣ የካምፑን የብረት ቆብ ደግሞ ደፍቶ ነበር። ሕዝቡ የትኛውን ቀድሞ እንደሚያይ ግራ ገባው።

«አይበሰብስም፣ ውኃ አይጠጣም፣ ቀለም አይፈልግም» አለ ኤቫሪስቶ። «እንዲህ ያለ መረብ አይታችሁ አታውቁም።»

የድሮው የጥጥ መረብ ባለፈው ወቅት መካከሉ፣ ሆዱ የሚባለው፣ በስብሶ ተቀዶ ስለነበር የተከራከረው የለም። ጊዜውም የክርክር ጊዜ አልነበረም። ጎኑ እንደ ብር የሚያበራው፣ አንዱ ብቻ እንደ ሕፃን ልጅ በሁለት እጅ የሚታቀፈው ሁሬል የተባለው ዓሣ በወሽመጣችን በር የሚያልፈው፣ ከሸለቆዋ እመቤታችን በዓል በፊት ባሉት ቀናት ነው። ካለፈ አለፈ። ከዚያ በኋላ እስከ ገና ድረስ ባሕሩ ውኃ ብቻ ነው።

ማክሰኞ ጠዋት የኮረብታው ጠባቂ ሽማግሌው ፊሎሜኖ የዓሣውን ጥላ አይቶ ባርኔጣውን አውለበለበ። ቀዛፊዎቹ ቀዘፉ፤ ነጩ መረብ ተጣለ። ዓሣው መጣ፣ ነጩን ግድግዳ አየ፣ ቆመ። ፊሎሜኖ ከላይ ሆኖ ያየውን በኋላ ሲናገር «ተመካከሩ» ነው ያለው። ከተመካከሩ በኋላ በመረቡ ጫፍ ዞረው ወጡ። ገመዱ ተስቦ ዳር ሲደርስ ውስጡ የተገኘው አንድ ሸርጣንና የባሲሊሳ ጎረቤት የኤዱቪሂስ ባል ዓምና የጠፋበት የግራ እግር ጫማ ብቻ ነበር። የመረቡ ቋጠሮም ተንሸራቷል፤ አንዱ ዓይን ጠብቦ ጣት አያስገባም፣ ጎረቤቱ ሰፍቶ የሰው ራስ ያስገባል።

ዛሬ ረቡዕ ነው። ባሲሊሳ መዶሻውን ባነሣች ቁጥር ዓይኗ በተከፈተው በር ወደ ውስጥ ይሄዳል። ከበሩ ጀርባ ሚስማር ላይ የኒኮሜደስ የሸራ ከረጢት ተሰቅሏል። ውስጡ ሁለት ሸሚዝ፣ ምላጭና የእመቤታችን ሥዕል አለ። በወሽመጡ አፍ መልሕቅ ጥሎ የቆመው ባለ ሸራ መርከብ ለነዳጁ ካምፕ ሰው እየለቀመ ነው። ሐሙስ፣ የቀትሩ ነፋስ ሲነሣ ይሄዳል።

ኒኮሜደስ የመረብ አለቃ ነው፤ መረብ ያልያዘለት የመረብ አለቃ ግን ምን ይባላል? ትናንት ነጩን መረብ አጥቦ ሲጨርስ፣ «ሐሙስ ጠዋት አንድ ጊዜ እንጥላለን። ከያዘ እቀራለሁ። ካልያዘ እሄዳለሁ» ብሎ ጋደም አለ። ባሲሊሳም «እሺ» ብላ ጋደም አለች። ሁለቱም እንቅልፍ እንደወሰደው ሰው ተነፈሱ እንጂ አልተኙም። ካምፕ የሄደ ሰው በዓመት አንዴ ይመጣል፤ ሲመጣም የገዛ ቤቱ የውኃ እንስራ የት እንደሚቀመጥ ይጠይቃል።

«አክስቴ፣ ምን እየሠራሽ ነው?»

ኤቫሪስቶ ነው።

«ሾርባ» አለች ባሲሊሳ።

ወደ ጎላው ጎንበስ ሲል የብረት ቆቡ ተንሸራቶ ዓይኑን ሸፈነው። መለሰው። «ይኼ ቅርፊት ነው።»

«ካየኸው ምን ትጠይቃለህ?»

«ልትነክሪው ነው። ነገርኩሽ እኮ። እንዳይበሰብስ ተብሎ የሚነከረው ጥጥ ነው። ይኼ አይበሰብስም።»

«እንዳይበሰብስ ነው አልኩህ? ዓሣው እንዳያየው ነው። እንደ ሙሽራ ነጭ አልብሰህ ባሕር ከተትካት። ሙሽራን ሁሉም ያያታል፣ ማንም አይነካትም።»

አጥሩ ጥግ ተቀምጣ ዓሣ የምትሰነጥቀው ኤዱቪሂስ ሳቋን በቢላዋዋ ጀርባ ሸፈነች። ኤዱቪሂስ የባሲሊሳ ጎረቤትም አበልጅም ናት፤ የግራው ጫማ ከአጠገቧ አጥሩ ላይ ተሰክቶ እየደረቀ ነው።

«ሻጩ እሳት አይወድም ብሏል» አለ ኤቫሪስቶ።

«እኔስ መች ወደድኩ? መረብ የሚነከረው በሞቀ ነው እንጂ በፈላ አይደለም። እጄን ከትቼ ከበስመ እስከ አሜን ካልቆየልኝ መረብ አላስገባም። ከልጅነቴ ጀምሮ ስነክር አንድም መረብ ቀቅዬ አላውቅም።»

ኒኮሜደስ ከጀልባ ማስቀመጫው ዳስ ነጩን መረብ ተሸክሞ መጣ። እንደ ደንቡ ከመነከሩ በፊት የሚያንሳፍፈው ቡሽና የሚያሰምጠው እርሳስ ካለበት ገመድ ፈትቶ ለይቶታል። ሚስቱን አየ፣ የእህቱን ልጅ አየ።

«ትንከረው» አለ። «ከጫማ የከፋ አይመጣም።»

መረብ ሲነከር ይሰደባል። ይህ በእኛ ዘንድ የቆየ ሕግ ነው። የተሞገሰ መረብ ይኮራል፤ የኮራ መረብ ዓሣ አይለምንም። ኤቫሪስቶ ከጀልባ የወረደ ቀን ሕዝብ ፊት ቆሞ መረቡን ሲያሞግስ ፊሎሜኖ የገዛ ጆሮውን ደፍኖ ወደ ኮረብታው የተመለሰው ለዚህ ነው። ባሲሊሳ እጇን ጎላው ውስጥ ከተተች፣ በልቧ አሜን አለች፣ ውኃው ደኅና ነው። ሁለቱ ሴቶች መረቡን በረጅም እንጨት እየገፉ አሰጠሙት።

«አንቺ ወንፊት» ብላ ባሲሊሳ ጀመረች፤ ጅማሬው ሁልጊዜ ለስለስ ይላል።

«ወንፊትስ ዱቄት ትይዛለች» አለች ኤዱቪሂስ። «ይቺ ዝንብ ብትይዝ ይቅርታ ጠይቃ ነው የምትለቅ።»

«ሸረሪት ሠርታሽ አፍራ የጣለችሽ።»

«ነጭ ለብሳ ካምፕ ለካምፕ የዞረች። ማንን ልታገቢ ነው?»

«አግብታለች። ጫማ።»

«ያውም የግራውን። የባሌን ጫማ ከምትወስድ ባሌን ብትወስድልኝ ምን ነበረበት?»

በመንገድ የምታልፍ ሴት ቆመች። ሌላዋ የውኃ ቆርቆሮዋን አውርዳ ቆርቆሮው ላይ ተቀመጠች። አንዷ የመረቡን አያት ሰደበች፤ ሌላዋ የአያቱን አማት። ባሲሊሳ በየመካከሉ መረቡን በእንጨት ጫፍ እያነሣች ታያለች፤ ክሩ እንደ ታጠበ ሳህን ነጭ ሆኖ ይወጣል። ቀለሙ ላዩ ላይ ተንሸራቶ ይወርዳል።

«እምቢ አለች» አለች።

«ትንሽ ሞቅ ይበላት» አለች ኤዱቪሂስና ባሕር የተፋውን የደረቀ ግንድ ወደ እሳቱ ገፋች። ከዚያ ስለ መረቧ የጋብቻ ተስፋ አንድ ረጅም ነገር ጀመረች፤ ያ ነገር እዚህ አይጻፍም። ሴቶቹ ተያይዘው ሳቁ። ባሲሊሳ ዓይኗን እየጠረገች የተሻለ ስድብ ፈለገች፤ አገኘችም፤ ኤዱቪሂስ ደግሞ ከዚያ የባሰ አገኘች። ግንዱ ተቀጣጠለ። ጎላው ሲንተከተክ የሰማ አልነበረም።

ባሲሊሳ ውኃውን ለመፈተን እጇን ሰደደች፤ በስመ ሳትል መለሰችው።

«አበልጄ» አለች ቀስ ብላ።

«ቆይ፣ አልጨረስኩም።»

«ፈልቷል።»

«ምኑ?»

«መረቡ።»

ግንዱን ጎትተው አሸዋ ደፉበት። መረቡን በሁለት እንጨት አንሥተው ሲያወጡት እንፋሎቱ ፊታቸውን ሸፈነው። ሲገለጥ መረቡ ቡናማ ሆኗል። ዝም ብሎ ቡናማ አይደለም፤ በወሽመጡ ወለል እንዳለው ድንጋይ፣ ጥላ ሲያርፍበት እንደሚሆነው።

«አየሽ፣ ያዘች፤ እንዴት ታም—» ኤዱቪሂስ አፏን ያዘች። «እንዴት ታስጠላለች።»

ጥፋቱ የታየው አመሻሽ ላይ ነው። ኒኮሜደስና ቀዛፊዎቹ የደረቀውን መረብ አሸዋው ላይ ዘርግተው ከገመዱ ጋር መስፋት ጀመሩ። ከአንድ ጫፍ ተነሥተው፣ ቡሽ እየቆጠሩ፣ እየተጨዋወቱ ሄዱ። ከዚያ መረቡ አለቀ። ገመዱ ግን አላለቀም። ቡሾቹን ተሸክሞ ምንም ሳይንጠለጠልበት በአሸዋው ላይ ቀጠለ።

ጨዋታው ቆመ። ኒኮሜደስ እጁን ወደ ኋላ አጣምሮ በባዶው ገመድ ጎን ለጎን እስከ መጨረሻው ተራመደ። ተመለሰ።

«አጥራለች» አለ።

ኤቫሪስቶ ቆቡን አወለቀ። ሰው ሲሞት እንደሚወለቀው ነው ያወለቀው። «ቀቅለሽዋል።»

«ትንሽ» አለች ባሲሊሳ።

«ትንሽ ተብሎ ይቀቀላል?»

«እንቁላል ይቀቀላል» አለች ኤዱቪሂስ፤ መርዳቷ ነበር።

ማንም አልሳቀም። ባሲሊሳ ወደ ወሽመጡ አፍ አየች። የመርከቡ ሰዎች ሸራቸውን አውርደው ይጠግናሉ፤ ለነገ ያዘጋጁታል። በእሷ ቤት የተነገረውን አሸዋው ላይ የቆመው ሰው ሁሉ ያውቃል፤ ለዚህ ነው ማንም ፊቷን የማያየው። ባሏን በገዛ ጎላዋ ቀቅላ ለካምፕ እንዳቀረበች ያህል ተሰማት።

ኒኮሜደስ ተንበርክኮ አንዱን የመረብ ዓይን በሁለት አውራ ጣቱ ወጠረ። ሌላውን ወጠረ። ፊቱ ተለወጠ።

«ኤቫሪስቶ፣ ና ይችን ቋጠሮ አንሸራታት።»

ኤቫሪስቶ ሞከረ። ጥፍሩን ተጠቀመ። በጥርሱም ሞከረ። ቋጠሮው ንቅንቅ አላለም። «ትናንት እኮ እንደ ሳሙና ነበረች» አለ። ሌላ ቋጠሮ ያዘ፤ ያም እምቢ አለ። ከዳር እስከ ዳር ዓይኖቹ አንድ ዓይነት ሆነዋል።

«ለምን?» ብሎ ጠየቀ።

 ፊሎሜኖ በዚያው ሰዓት ከኮረብታው ወርዶ በትሩን ተደግፎ ደርሶ ነበር።

«ስድቡ ነው» አለ። «ደንግጣ ጨበጠች።»

ከዚያ ሽማግሌው ባዶውን ገመድ አየና የራሱን ሥራ አሰበ። ከጥቁሩ ዐለት እስከ አሸዋማው ጉብታ ያልደረሰ መረብ የወሽመጡን በር አይዘጋም፤ ዓሣው እንደ ትናንቱ በጎን ይወጣል። ይህንኑ ተናገረ። ኒኮሜደስ ራሱን ነቀነቀ። ገመዱን መጠቅለል ጀመረ፤ ዝግ ብሎ፣ በጥንቃቄ፣ ነገ የማይፈልገውን ዕቃ እንደሚሰበስብ ሰው።

«አትጠቅልለው» አለች ባሲሊሳ። «የድሮው መረብ የግራና የቀኝ ክንፎች አሉ።»

«የበሰበሰው?»

«የበሰበሰው ሆዱ ነው። ክንፎቹን ራሴ ነክሬ ራሴ ነው የሰቀልኳቸው። ደኅና ናቸው።»

«ጥጥና ናይሎን?» አለ ኤቫሪስቶ። «ጥጡ ውኃ ጠጥቶ ይወርዳል፣ ናይሎኑ ቀሎ ላይ ይቀራል። አብረው አይሄዱም፣ አክስቴ።»

«እኔና ባሌም አብረን አንሄድም» አለች ኤዱቪሂስ። «ይኸው ሰባት ልጅ።»

አሁን ሳቁ። ሳቁ መልስ ሆነ።

የአሮጌው መረብ ክንፎች ከዳሱ ጣሪያ ወርደው በአዲሱ ሆድ ግራና ቀኝ ተዘረጉ። የእንጨት መርፌ ያለው ሁሉ ተቀመጠ። ባሲሊሳና ኒኮሜደስ የግራውን ስፌት ያዙ፤ እሷ ከቡሹ በኩል፣ እሱ ከእርሳሱ በኩል፣ ወደ መካከል እየመጡ። 

«ምላጭህን እርጥቡን ነው የከተትከው» አለች እሷ። «ይዝጋል።»

«አውቃለሁ።»

«ካምፑ ባሕር የለውም ይላሉ።»

«ሐይቅ አለው።»

«ሐይቅ» አለች፤ ቃሉን ጨው እንደጎደለው ሾርባ አፏ ውስጥ ያዘችው።

ኒኮሜደስ አንድ ቋጠሮ ሳበ። «ብሄድም እመለሳለሁ። እንደ ኤቫሪስቶ ቆብ ደፍቼ።»

«ራስህ ትልቅ ነው። በልክህ አይገኝም።»

ሳቀና መርፌውን ሳተ። ስፌቱ መካከል ላይ ሲገናኙ ለመስፋት ብርሃን አልቀረም ነበር፤ የመጨረሻዋን ቋጠሮ በዳበሳ አሰሩ። የማን እጅ እንዳሰራት አይታወቅም። በኋላ ለወራት ተከራክረውበታል።

ሐሙስ ጠዋት ባሕሩ ዘይት እንደ ፈሰሰበት ጠረጴዛ ረግቷል። መንደሩ በሁለት ገመድ ተከፍሎ አሸዋው ላይ ቆሟል፤ ግማሹ በጥቁሩ ዐለት በኩል፣ ግማሹ በጉብታው በኩል። ባሲሊሳ ከገመድ ሳቢዎቹ ለውኃው የቀረበችው ናት። ጀልባዋ ከወሽመጡ መካከል ትጠብቃለች። ጥጡ ከመጣሉ በፊት በጠዋቱ ጤዛ ከብዶ ጀልባዋን ዝቅ አድርጓታል፤ ኤቫሪስቶ የገባውን ውኃ በብረት ቆቡ እየቀዳ ይደፋል። ካምፑ የሰጠው ቆብ ለመጀመሪያ ጊዜ ሥራ ያገኘው ያን ቀን ነው።

ፊሎሜኖ ኮረብታው ላይ እንደ ተተከለ እንጨት ነው። ባርኔጣው ደረቱ ላይ ነው። ሰዉ የሚያየው ባሕሩን ሳይሆን ባርኔጣውን ነው።

ከወሽመጡ አፍ ያለው መርከብ ሸራውን እያሰረ ነው። ካፒቴኑ የእጁን ሰዓት አንዴ አየ፣ አንዴ ደግሞ ወደ እኛ።

«ዓሣው መርከቡንም ፈርቶት ይሆናል» አለች ኤዱቪሂስ ከኋላ።

«ዝም በይ።»

«ዝም ብያለሁ። እያሰብኩ ነው፣ ጮክ ብዬ።»

ባርኔጣው ወደ ግራ ሄደ።  በውኃው ላይ የደመና ጥላ የመሰለ ነገር መጣ፤ ሰማዩ ላይ ግን ደመና አልነበረም። ባርኔጣው ወደ ቀኝ ሄደ፣ ቆመ፣ ከዚያ ድንገት እስከ ጉልበት ወረደ። ኒኮሜደስ አንድ ቃል ተናገረ፤ መቅዘፊያዎቹ አብረው ገቡ። የጥጡ ክንፍ በዝርግፍ ወረደ፣ ከዚያ ናይሎኑ ያለ ድምፅ፣ ከዚያ ሌላው የጥጥ ክንፍ። ቡሾቹ ከዐለቱ እስከ ጉብታው ግማሽ ክብ ሠሩ።

ዓሣው መጣ። ቡናማውን ግድግዳ ደረሰ። ዞሮ አልተመካከረም።

«ሳቡ» የሚለው ከኮረብታው ነበር፤ የፊሎሜኖ ድምፅ እንዲህ ርቆ ይሄዳል ብሎ ያሰበ አልነበረም። ሁለቱ ገመዶች ተወጠሩ። መጀመሪያ ቀላል ነበር፤ ከዚያ ከበደ፤ ከዚያ ተረከዝ አሸዋ ውስጥ እስኪሰምጥ ድረስ ከበደ። ውኃው በቡሾቹ መካከል መንተክተክ ጀመረ። የጥጡ ክንፍ ወርዶ መሬቱን ስለያዘ ከሥር የሚያመልጥ የለም፤ ናይሎኑ ሆድ ደግሞ እየተለጠጠ ይቀበላል። አብረው አይሄዱም የተባሉት አብረው እየሄዱ ነው።

ባሲሊሳ ያን ጊዜ ድምፁን ሰማችው። አሮጌ ጥጥ ሲቀደድ የሚሰጠውን ድምፅ ታውቀዋለች። በግራው ክንፍ፣ ከትናንቱ ስፌት አንድ ክንድ ወዲህ፣ «ደኅና ነው» ባለችው ቦታ ላይ ቀዳዳ ተከፈተ። አንድ ሁሬል ወጣ። ሁለተኛው ተከተለው።

ገመዱን ለኤዱቪሂስ ትታ ወደ ውኃው ገባች። እስከ ወገቧ፣ እስከ ደረቷ። ቀሚሷን በሁለት እጇ ዘርግታ ቀዳዳውን በጀርባዋ ደፈነችው። ከኋላዋ የዓሣው ግንባር እንደ ጡጫ መጣባት፤ አንዴ በወገቧ፣ አንዴ በትከሻዋ፣ አንዴ ለመጻፍ በማይመች ቦታ።

«አበልጄ» ብላ ተጣራች ኤዱቪሂስ ከዳር። «ምን እያደረግሽ ነው?»

«እየሰፋሁ ነው።»

ኒኮሜደስ ከጀልባዋ ዘሎ ወረደ። ቀዳዳው በእሷ ጎን እየሰፋ ነበር፤ እሱም ጀርባውን አዙሮ አጠገቧ ተደገፈበት። ትከሻ ለትከሻ ሆነው፣ ሁለቱም ወደ መርከቡ ዞረው፣ ከኋላቸው እየተመቱ ከገመዱ ጋር ወደ ዳር ተሳቡ።

የቀትሩ ነፋስ በውኃው ላይ የመጀመሪያውን ሽብሽብ አደረገ። መርከቡ ላይ የቀንድ አውጣው ዛጎል እንደ መለከት ተነፋ፤ ትልቁ የባሕር ቀንድ አውጣ፣ ተሳፋሪ የሚጠራበት። ረጅም አንድ፣ አጭር አንድ።

«እየጠሩህ ነው» አለች ባሲሊሳ።

ኒኮሜደስ ዓሣው መትቶት እስኪያልፍ ጠብቆ፣ ጥርሱን ነክሶ፣ ከዚያ መለሰ። «አሁን አይመቸኝም።»

የመረቡ ሆድ አሸዋ ሲነካ መንደሩ በአንድ ድምፅ ጮኸ።  ሁሬሉ በሁሬል ላይ ተደራርቦ፣ ጎኑ እያበራ፣ አሸዋውን በጭራው እየደበደበ ከአንዱ ክንፍ እስከ ሌላው ሞልቷል። ከናይሎኑ ሆድ አንድ ዓይን አልተበጠሰም፤ አንድ ቋጠሮ አልተንሸራተተም። ኤቫሪስቶ ቆቡን እንደያዘ ጉልበቱ ድረስ ዓሣ ውስጥ ቆሞ አፉን ከፈተ።

«ይህ መረብ እኮ—»

ሁሉም ዞሮ አየው። ፊሎሜኖ እየወረደበት ከነበረው መንገድ ላይ ቆመ።

«—የማይረባ ነው» አለ ኤቫሪስቶ። አሰበና ጨመረበት። «እናቱም ወንፊት ነበረች።»

ፊሎሜኖ መውረዱን ቀጠለ።

የመጀመሪያው ዓሣ እንደ ደንቡ ለሸለቆዋ እመቤት ተለየ። ሁለተኛውን ኤቫሪስቶ ራሱ አንሥቶ፣ ሳይጠየቅ፣ «የጎላው ድርሻ» ብሎ ባሲሊሳ እግር ሥር አስቀመጠው። መርከቡ ሸራውን ዘርግቶ ከዐለቱ አጠገብ ሲያልፍ ቀዛፊዎቹ ሁለት ሁሬል ወደ ላይ ወረወሩለት። ካፒቴኑ አንዱን ደረቱ ላይ ተቀበለ። የጎደለበትን ሰው አልጠየቀም፤ ቀንድ አውጣውን አንዴ ነፍቶ ወጣ።

ከሰዓት በኋላ፣ ዓሣው ተሰንጥቆ ጨው እየተነሰነሰበት ሳለ፣ ከተራራው ማዶ ካለው መንደር ሁለት ሰዎች ነጭ መረብ በእንጨት አንጠልጥለው መጡ። ወሬ በእኛ ደሴት ከነፋስ ይቀድማል።

«መረብ የሚቀቀለው እዚህ ነው?» ብሎ ጠየቀ ሸምገል ያለው፤ ኮፍያውን አውልቆ።

ኤዱቪሂስ ወደ ባሲሊሳ አየች። ባሲሊሳ ወደ ጎላው አየች።

«ይቀቀላል» አለች። «ያጥራል። ክንፍ ይዛችኋል?»

«የጥጥ አለን። አሮጌ።»

«ስድብስ ትችላላችሁ?»

ሁለቱ ተያዩ። «ሚስቴ ትችላለች» አለ ታናሹ።

«ነገ ይዘሃት ና።»

የቀረው ቅርፊት መዶሻው አጠገብ እንደ ተከመረ ነው። ለነገ ሳይረጥብ ማደር አለበት፤ ባሲሊሳ ማስቀመጫ ፈልጋ ወደ ቤት ገባች። ከረጢቱን ከሚስማሩ አወረደችው። ሁለቱን ሸሚዞች አውጥታ ሳጥኑ ውስጥ መለሰች፣ ሥዕሉን ግድግዳው ላይ በቦታው ሰቀለች፣ ምላጩን በቀሚሷ ጫፍ ጠረገችው። ትንሽ ዝጓል።

ኒኮሜደስ ጀርባውን ለመታሸት ሸሚዙን አውልቆ በሩ ላይ ቆሞ ነበር። «ከረጢቴን ምን ልታደርጊው ነው?»

«ሥራ አግኝቷል» አለች።

ውጭ ወጥታ በጉልበቷ ተንበረከከችና ቅርፊቱን በእፍኝ በእፍኝ አስገባች። ትልልቁን ከሥር፣ የደቀቀውን ከላይ። እስከ አፉ ሲሞላ ማሰሪያውን ሳበች፣ ቋጠረች፣ ተሸክማ ገባችና ከበሩ ጀርባ ሚስማሩ ላይ መልሳ ሰቀለችው።